የተራራ አበባ በግቢያችን

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ በተማሪዎች የተደረገ ንግግር)



ዛሬ ልንነግራችሁ ያሰብነው በከፍተኛ ተራራ ላይ የሚበቅሉትን አበቦች በቤታችን ግቢ መቼና እንዴት ለመትከል እንደሚቻል ነው። ነገሩ ቀላል መስሎ ይታይ ይሆናል። ይሁን እንጂ ከተራራ መጥቶ በከተማ የሚደርቅ ተክል አብዛኛውን ጊዜ የሚሞተው ከመጠን በላይ ስለሚንከባከቡት ነው።

በመጀመሪያ የትውልድ ስፍራቸውን እንመልከት። በስሜንና በባሌ ተራሮች፣ ከ3500 ሜትር ገደማ በላይ፣ ትልልቅ ዛፎች እየጠፉ ይሄዳሉ። ቀን ፀሐዩ ያቃጥላል፤ ሌሊት ውርጭ ይወርዳል። በአንድ ቀን ውስጥ በጋና ክረምት ይፈራረቃሉ ቢባል ማጋነን አይሆንም። በድንጋያማው ገመገም ላይ አፈሩ ስስ ስለ ሆነ ዝናቡ ቢበዛም ውሃው ቍልቍል ይወርዳል እንጂ ሥር ላይ አይተኛም። ስለዚህም ከተክሎቹ ብዙዎቹ አጫጭር፣ ቅጠላቸውም ትንንሽ ወይም ጠጕራም ነው። ብርድን ይችላሉ፤ የተኛ ውሃን ግን አይችሉም።

እንግዲህ የትኞቹን እንምረጥ? አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ 2400 ሜትር ያህል ከፍታ ስላላት፣ ከተራራው ዝቅ ብለው በደጋም የሚበቅሉትን መምረጥ ይገባናል። እነዚህም ጦስኝ፣ አስታ፣ አሜጃ፣ ቀጋና አደይ አበባ ናቸው። ጦስኝ በመሬት ላይ ተዘርግቶ ሐምራዊ አበባ ያወጣል፤ ለሻይም ይሆናል። የአስታ አበባ ደቃቅና ነጭ ነው፤ አሜጃና አደይ አበባ ቢጫ ናቸው። የቀጋ አበባ ነጭና ባለ መዓዛ ሲሆን ፍሬው ይበላል፤ እሾሃም ስለ ሆነ ለአጥር ይመቻል።

ቦታው ቀኑን ሙሉ ፀሐይ የሚያገኝ፣ ከጣራ የሚወርድ ፍሳሽ የማይደርስበት ይሁን። ዋልካ አፈር ውሃ ስለሚይዝ በእርሱ ላይ እንዲሁ መትከል አይገባም። ከመሬት ከ30 እስከ 40 ሳንቲ ሜትር ከፍ ያለ መደብ በድንጋይ እንሥራ። ከታች የተሰባበረ ድንጋይ ወይም ሸክላ እናንጥፍ፤ በላዩም አፈር፣ ሻካራ አሸዋና ደቃቅ ጠጠር እኩል እኩል ደባልቀን እንሙላ። እርጥብ ፍግ አይጨመርም፤ ቅጠሉን አብዝቶ አበባውን ያሳንሰዋልና። በመጨረሻም በተክሉ አንገት ዙሪያ ጠጠር ብንበትን የክረምት እርጥበት አያበሰብሰውም።

ስለ ጊዜው፦ የአደይ አበባን ዘር በኅዳር ሲደርቅ ሰብስበን፣ በወረቀት ጠቅልለን እናስቀምጥና በሰኔ መጀመሪያ እንዘራዋለን፤ በመስከረም ያብባል። ጦስኝ ግን በቅርንጫፍ ይራባል። በግንቦት የጣት ርዝመት ያህል ጫፍ ቈርጠን፣ የታችኛውን ቅጠል ገፈን፣ በሥሩ በተበሳ ጣሳ፣ አሸዋ በበዛበት አፈር ላይ እንተክላለን። የክረምቱን ኃይለኛ ዝናብ ከጣራ ሥር አሳልፈን በመስከረም መጨረሻ ወደ መደቡ እናዛውረዋለን። የአስታ ዘር እንደ ትቢያ ደቃቅ ስለ ሆነ አፈር አይለብስም፤ በእርጥብ አፈር ላይ በትኖ በእጅ መጫን ይበቃል። በአስታ ሥር አመድ መድፋት ክልክል ነው። አመድ አፈሩን ስለሚለውጠው አስታ አይስማማውም። «ቀስ በቀስ እንቍላል በእግሩ ይሄዳል» እንደሚባለው፣ የተራራ ተክል ዕድገቱ ዝግ ያለ ነውና ትዕግሥት ያሻዋል።

ከሁሉ በላይ ልናስገነዝብ የምንወደው ግን ይህን ነው። ተክሉን ከተራራው ነቅለን አናምጣ። ጦስኝ ከነሥሩ ከተነቀለ በቦታው ተመልሶ አያቈጠቍጥም። ጅብራ ደግሞ በሌላ አገር በዱር የማይገኝ የኢትዮጵያ ተክል ነው። አያሌ ዓመታት አድጎ አንድ ጊዜ ብቻ ያብብና ይሞታል። ሳያብብ የነቀለው ሰው የዕድሜውን ዘር ሁሉ ነቀለ ማለት ነው። ስለዚህ ጅብራን ለግቢ አንመኘው፤ በስፍራው ሄደን እንየው። የስሜን ብሔራዊ ፓርክ በ1978፣ የባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክም በ2023 በአውሮጳውያን አቈጣጠር በዓለም ቅርስነት ተመዝግበዋል፤ ከዚያ መንቀል አይፈቀድም። የመንዝ አባቶችም የጓሳውን ምድር ለተወሰኑ ዓመታት እየዘጉ፣ ሣሩ ሲደርስ ብቻ ከፍተው በሥርዓት ያጭዱ ነበር። መጠቀምና መጠበቅ አብረው እንደሚሄዱ ከእነርሱ እንማራለን።

እንግዲህ ወላጆች በግቢያችሁ አንዲት ጥግ ስጡን። እኛም ተማሪዎች ከጎረቤት መደብ ቅርንጫፍ እየተቀበልን፣ ከደጋ ዘመዶቻችን ጥቂት ዘር እያስላክን፣ የተረፈንን ለሌላው እናካፍል። በየቤቱ አንድ መደብ ጦስኝ ቢኖር ከተራራው የሚነቀለው ይቀንሳል።