መብታችን ክልል ሲሻገር አይቀርም
(ከጁምዓ ሶላት በኋላ ለጀመዓው የተደረገ ንግግር)

 

በቅርቡ አንድ ወንድማችን የመስጂድ ቦታ ለመጠየቅ ማዘጋጃ ቤት ሄዶ «ይህን በክልልህ ጠይቅ» ተብሎ ተመለሰ። ቦታ የለም ቢሉት ሌላ ነገር ነው። ያስለቀሰው 20 ዓመት ግብር በከፈለበት ከተማ እንግዳ መባሉ ነው።

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 32 ኢትዮጵያዊ ሁሉ በመረጠው የአገሪቱ ክፍል የመዘዋወርና የመኖር ነፃነት እንዳለው ይደነግጋል። ሰው ሲሄድ ደግሞ ዲኑን ጥሎ አይሄድም። አንቀጽ 27ም የሃይማኖት ነፃነትን የሰጠው ለማንኛውም ሰው እንጂ ለክልሉ ተወላጅ ብቻ አይደለም።

ክልሎች የራሳቸውን ሕገ መንግሥት ማውጣት ይችላሉ፤ ይህን አንክድም። ነገር ግን አንቀጽ 13ን አንብቡ፤ እኔም ብዙ ጊዜ ዘልዬው አልፌያለሁ። በየትኛውም ደረጃ ያለ የፌዴራልም ሆነ የክልል አካል፣ ሕግ አውጪው፣ አስፈጻሚው፣ ዳኛው፣ እነዚህን መብቶች የማክበርና የማስከበር ግዴታ አለበት። እምነትን መግለጽ የሚገደበው በሕግ ነው፤ የአንድ ሹም የቃል ትእዛዝ ሕግ አይሆንም።

ሙስሊም በሚበዛበት ወረዳ የሚኖረው ክርስቲያን ጎረቤታችንም ይኸው መብት አለው። የእሱን ነስተን የእኛን መጠየቅ አንችልም።

ማመልከቻችሁን በጽሑፍ አስገቡ፤ መልሱንም በጽሑፍ ጠይቁ። አንቀጽ 37 ለፍርድ ቤት አቤት የማለት መብት ይሰጣል፤ በቃል የተባለውን ግን ዳኛ ፊት ማስረዳት ይከብዳል።

ወንድማችን ሰኞ ተመልሶ ይሄዳል። በዱዓ አትርሱት፤ የምትችሉም አብራችሁት ሂዱ።