ውሃን ከጥሩ፥ ነገርን ከሥሩ

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ቀን በ12ኛ ክፍል ተማሪዎች ስም የተነገረ)






የዘንድሮው በዓል አዘጋጆች ከ12ኛ ክፍል አንድ ንግግር እንዲቀርብ በጠየቁን ጊዜ ብዙ ተማከርን። ገሚሶቻችን ስለ ትምህርት ጥቅም ይነገር አልን፤ ገሚሶቻችን ደግሞ ስለ ስፖርት ውድድራችን ይሁን አልን። በመጨረሻ ግን በጥር ወር በአንድ ቅዳሜ ቀን ወደ ዋንዛዬ ፍል ውሃና ወደ ጉዛራ ግንብ ስላደረግነው ጉዞ ልንነግራችሁ ቆረጥን። ምክንያቱም ወላጆቻችን ያን ዕለት እስከ ምሽቱ 3 ሰዓት ድረስ በትምህርት ቤቱ በር ላይ ቆማችሁ ስትጠብቁን አምሽታችሁ፥ «ምን አቆያችሁ?» ብትሉን «መኪናው ተበላሽቶብን ነው» ብለን መልሰንላችኋል። መኪናው ግን አልተበላሸም ነበር። መምህራችንም «እውነቱን እናንተው ትነግሯቸዋላችሁ» ብለው ነገሩን ለኛ ተዉት። እነሆ፥ ዛሬ ልንነግራችሁ ነው። አባቶቻችን «ውሃን ከጥሩ፥ ነገርን ከሥሩ» ይላሉና ከሥሩ እንጀምራለን።

ከባሕር ዳር የተነሣነው ገና ጎሕ ሳይቀድ ነው። የአባይን ድልድይ ስንሻገር ጭጋጉ ከውሃው ላይ አልተነሣም ነበር። እናቶቻችን የቋጠሩልን ዳቦና ቆሎ ዘንዘልማ ሳንደርስ ተጋመሰ። አስጎብኚያችን በእንፍራንዝ አካባቢ ተወልደው ያደጉ፥ ነጭ ጋቢ የለበሱና ዘንግ የያዙ ሽማግሌ ነበሩ። በልጅነታቸው ከብት ሲጠብቁ ዝናብ ሲመጣ የሚጠለሉት በጉዛራ ግንብ ሥር እንደ ነበረ ነገሩን። እኛም ከዚያች ሰዓት ጀምረን «አባባ» እያልን ጠራናቸው።

ሐሙሲትን እንዳለፍን ዋናውን መንገድ ትተን ወደ ምሥራቅ ታጠፍን። ዋንዛዬ በደራ ወረዳ፥ ከጉና ተራራ ተነሥቶ ወደ ጣና በሚፈሰው በጉማራ ወንዝ አጠገብ ያለ ፍል ውሃ ነው። እኛ በልባችን ይዘነው የሄድነው መዋኘትንና መጫወትን ነበር። ከመኪና እንደ ወረድን እየጮኽንና እየተሽቀዳደምን ወደ ውሃው ሮጥን። እዚያ ስንደርስ ግን ጩኸታችን በራሱ ጊዜ ጸጥ አለ። በውሃው ዙሪያ ጉልበታቸው የታመመ ሽማግሌዎች፥ ወገባቸው የጎበጠ እናቶች፥ በቃሬዛ የመጡ ሕሙማን ተቀምጠው ነበር። አንዲት እናት እግሩ የሰለለ ልጃቸውን አዝለው ወደ ውሃው ሲወርዱ አየን። ልጁ የኛን የታናሽ ወንድሞች ዕድሜ ያህል ይሆነዋል። እናቲቱ ውሃውን በመዳፋቸው እያፈሰሱ እግሩን ሲያሹት እኛ ፎጣችንን በትከሻችን እንደ ጣልን ቆመን ቀረን።

አባባም ቀስ ብለው፥ «ልጆቼ፥ ይህ ውሃ ለናንተ መጫወቻ ነው፤ ለነዚህ ግን ተስፋ ነው። ታጠቡ፥ ግን ከበታች ሆናችሁ ታጠቡ፤ ሳሙናችሁ ወደ እነርሱ እንዳይመጣ» አሉን። ከመካከላችን አንዳንዶቹ ከላይ በኩል ሳሙና ማረፋት ጀምረው ስለ ነበር አፍረው ወረዱ።

ውሃው ከሰው ገላ ሙቀት ያልፋል፤ መጀመሪያ ሲነኩት ያስደነግጣል፥ ጥቂት ቆይቶ ግን ገላ ይለምደዋል። የሳይንስ መምህራችን ከታጠብን በኋላ በዋርካ ጥላ ሥር ሰብስበው ምክንያቱን አስረዱን። ዝናብ ሆኖ የወረደው ውሃ በዓለት ስንጥቅ እየሰረገ ወደ ምድር ጥልቅ ይወርዳል። ወደ ታች በተወረደ ቁጥር ሙቀቱ ይጨምራል፤ በብዙ አገር በየአንዱ ኪሎ ሜትር ከ25 እስከ 30 ዲግሪ ያህል ከፍ ይላል። ውሃው በዚያ ሞቆ፥ ከዓለቱም ልዩ ልዩ ማዕድን አሟምቶ፥ ሌላ ስንጥቅ ሲያገኝ ተመልሶ ይወጣል። የጣና ዙሪያ ምድር አብዛኛው ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ከፈሰሰ የእሳተ ገሞራ ዓለት የተሠራ ነው፤ ከዚያ ወዲህም እሳተ ገሞራ ደጋግሞ ፈንድቶበታል። ስለዚህ ምድሩ ስንጥቅ የበዛበት መሆኑ አያስደንቅም። እኛ ዛሬ የታጠብንበት ውሃ ምናልባት አያቶቻችን ሳይወለዱ የዘነበ ዝናብ ሊሆን ይችላል አሉን።

አባባ ይህን ሁሉ በትዕግሥት ካዳመጡ በኋላ፥ «እኔም የማውቀው ይህንኑ ነው። ከሥር የሚመጣ ነገር ቸኩሎ አይመጣም» አሉ። በዚያን ጊዜ ሣቅን፤ ማታ ግን የሣቅንበትን ቃል አስታወስነው።

ከዋንዛዬ ተመልሰን ወደ ሰሜን አቀናን። በከብቱ ስመ ጥር የሆነውንና ዛሬ ሩዝ የሚመረትበትን የፎገራን ሜዳ ተሻገርን። ወረታንና አዲስ ዘመንን አልፈን፥ በስተመንገድ እንደ ጣት ቀጥ ብሎ የቆመውን ዓለት እያደነቅን፥ ፀሐይ ከአናት ዘንበል ስትል እንፍራንዝ ደረስን። ከዚያም በእግራችን ኮረብታውን ወጣን።

ጉዛራን በመጽሐፍ ላይ በሥዕል አይተነዋል። ነገር ግን ሥዕሉ ነፋሱን አያሳይም፤ ከግንቡ አፋፍ ላይ ሆነው ወደ ምዕራብ ሲመለከቱ ጣና እንደ ብርጭቆ ተዘርግቶ መታየቱንም አይነግርም። በኖራ የተያያዘው የድንጋይ ግድግዳ፥ በማዕዘን የቆሙት ክብ ማማዎች፥ የመስኮቶቹ ቅስት፥ ሁሉም የጎንደርን ግንቦች የሚያስታውስ ነው። የጉዛራ ግንብ በፈረንጅ አቆጣጠር በ1979 ከጎንደር የፋሲል ግቢ ጋር በዓለም ቅርስ መዝገብ ውስጥ የገባ ነው።

አባባ በግድግዳው ጥላ ሥር አስቀመጡንና አባቶቻቸው የነገሯቸውን ነገሩን። ግንቡን የሠሩት ዓፄ ሠርፀ ድንግል ናቸው። እኚህ ንጉሥ በፈረንጅ አቆጣጠር ከ1563 እስከ 1597 የነገሡ ሲሆኑ፥ ጎንደር በዓፄ ፋሲል ከመቆርቆሯ ከብዙ ዓመት በፊት ጣናን ቁልቁል እያዩ በዚህ ተቀምጠው ነበር አሉን። እኛም ጻፍን።

ያን ጊዜ ከመካከላችን አንዷ እጇን አነሣች። «አባባ፥ ይቅርታ ያድርጉልኝና፥ መምህራችን በክፍል ውስጥ የነገሩን ከዚህ ይለያል» አለች። እኛ ደነገጥን፤ ሽማግሌን በአደባባይ ማረም ነውር ነውና። መምህራችን ግን ነገሩን አብራሩት። ሊቃውንቱ የሚከራከሩት ስለ ኖራው ነው። በአገራችን በዚያ ዘመን ኖራ አቃጥሎ በኖራ መገንባት የተጀመረው በዓፄ ሱስንዮስ ጊዜ፥ በፈረንጅ አቆጣጠር በ1620ዎቹ ገደማ ነው የሚሉ አሉ። እንደዚህ ከሆነ በኖራ የታነጸው ጉዛራ ከዚያ ወዲህ፥ ምናልባትም ከ1632 ጀምረው በነገሡት በዓፄ ፋሲል ዘመን የተሠራ ይሆናል ማለት ነው። ሌሎች ደግሞ አባቶች ያቆዩትን ታሪክ ይደግፋሉ። እንግዲህ ከንጉሥ እስከ ንጉሥ ያለውን ክርክር የሚፈርደው ይህ በድንጋይና በድንጋይ መካከል ያለው ነጭ ነገር ነው አሉን።

ኖራ ምን እንደ ሆነ በላቦራቶሪ ተምረናል። የኖራ ድንጋይ በብርቱ እሳት ሲቃጠል ይለወጣል፤ ከዚያ ውሃ ሲያጠጡት ራሱ እንደ ፍል ውሃ ይንተከተካል። ከአሸዋ ጋር ተቦክቶ በድንጋይ መካከል ሲገባ ደግሞ ከአየር ካርቦን ዳይኦክሳይድ እየሳበ ቀስ በቀስ ተመልሶ ድንጋይ ይሆናል። ኖራው ሲቃጠል የተቀላቀለበት ቅንጣት ከሰል እንኳ ቢገኝ፥ የእንጨቱ ዕድሜ ተመርምሮ ስለ ግንቡ ዘመን ሊመሰክር ይችላል።

አባባ አልተቆጡም። ጥቂት ዝም ብለው ቆዩና፥ «እኔ የሰማሁትን ነገርኋችሁ፤ እናንተ ደግሞ ፈልጋችሁ ድረሱበት። ግንቡ እስካለ ድረስ ጥያቄው ይኖራል። ግንቡ ከጠፋ ግን የተማረውም ያልተማረውም እኩል ነው» አሉ።

ከዚያ ወዲህ እንደ ልባችን ዞርን፤ ለካን፥ ሣልን፥ ፎቶግራፍ ተነሣን። በ10 ሰዓት ገደማ ወርደን መኪና ገባን። መኪናው ሊነሣ ሲል አንዱ ጓደኛችን ከኪሱ አንድ ነጭ ነገር አውጥቶ ለጎረቤቱ አሳየ። የእንቁላል ያህል የሚሆን የኖራ ስባሪ ነበር። ከእጅ ወደ እጅ ተላለፈ፤ ሁላችንም አገላብጠን አየነው፥ አደነቅነውም። ማንም «ለምን አነሣኸው?» ያለ አልነበረም። ስባሪው እየተላለፈ ከፊት ተቀምጠው ከነበሩት ከአባባ እጅ ደረሰ።

አባባ በመዳፋቸው ይዘው ለረጅም ጊዜ ተመለከቱት። «ልጄ፥ ይህ ከየትኛው ግድግዳ ነው?» ብለው ጠየቁ። ጓደኛችን፥ «አላወቅሁም አባባ፤ ከሥር ወድቆ አገኘሁት» አለ። ከዚያም ድምፁ ዝቅ አለና፥ «ጥቂት ነካክቼው ነው የወደቀው» አለ።

መምህራችን ተነሡና፥ «ሌላስ የያዘ አለ?» አሉ። በመኪናው ውስጥ ዝምታ ሆነ። ከዚያ አንድ እጅ ተነሣ፤ ሌላም ተነሣ። በጠቅላላው አራት ሆንን። አንዳችን የድንጋይ ስባሪ፥ ሦስታችን ኖራ ይዘን ነበር። ከሁለት ሰዓት በፊት «ክርክሩን የሚፈርደው ይህ ነው» ተብሎ የተነገረንን፥ ያንኑ ምስክር በኪሳችን ይዘን ልንሄድ ነበር።

መምህራችን አልጮኹብንም፤ ቢጮኹብን በቀለለን። «ኮረብታው ያው ነው» ብቻ አሉ። አራቱን ብቻ መላክ ተገቢ አልመሰለንም፤ ስባሪውን ሁላችንም በእጃችን ይዘን አድንቀነዋልና። ሁላችንም እንደ ገና ወጣን። አባባም ዘንጋቸውን ተደግፈው ከፊት ከፊታችን ሄዱ።

እንግዲህ ዛሬ ድረስ የሚያሳዝነን ነገር ይህ ነው፤ ስባሪዎቹን የምንመልስበትን ቦታ አላገኘነውም። ከግድግዳ ወደ ግድግዳ እየዞርን፥ በየስንጥቁ እያስጠጋን ሞከርን። ፀሐይ ወደ ጣና ዘቀዘቀች፤ ቀዳዳው ሁሉ ተመሳሰለብን። አንዱን በግምት ልንሸጉጠው ስንል መምህራችን ከለከሉን። «ያለ ቦታው የገባ ምስክር የሐሰት ምስክር ነው» አሉን። ስለዚህ ለግንቡ ጠባቂ አስረክበን፥ የሆነውንም በቃላችን ነግረናቸው በጨለማ ወረድን። ያን ዕለት ያመሸነው በዚህ ምክንያት ነው። የዋሸናችሁም አፍረን ነው፤ ይቅርታችሁን እንለምናለን።

ወደ ባሕር ዳር ስንመለስ ጠዋት የዘፈነው ሁሉ ዝም ብሎ ነበር። ፍል ውሃውን በእጃችን ጨልፈነዋል፥ ከበታቹ ሆነን ታጥበንበታል፤ ያችም እናት ነገ ቢመለሱ ከምድር ሥር ሌላ ውሃ መጥቶ ይጠብቃቸዋል። ከግንቡ የወሰድነውን ግን ምድር መልሳ አታፈልቀውም። የሠሩት ሰዎች የሉም፤ ያቃጠሉበት እሳትም ከጠፋ ዘመን ሆኖታል።

ውድ ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን፥ እኛ በዚህ ዓመት ትምህርታችንን ጨርሰን እንሰናበታችኋለን። በሚመጣው ዓመት በኛ ተራ ወደዚያው ለምትሄዱት ሦስት ነገር አደራ እንላለን።

አንደኛ፥ ሳትሄዱ በፊት አንብቡ፤ ሳያነብ የሚሄድ ሰው ድንጋይ አይቶ ይመለሳልና።

ሁለተኛ፥ በፍል ውሃው ዘንድ ከሕሙማን በታች ሁኑ፤ ድምፃችሁንም ዝቅ አድርጉ።

ሦስተኛ፥ ከኮረብታው ስትወርዱ ኪሳችሁ እንደ ወጣችሁበት ይሁን። ደብተራችሁ ግን ይሙላ። እኛ ከሄድን በኋላ የሣልናቸውን ሥዕሎችና የለካነውን ልክ ለቤተ መጻሕፍታችን አስረክበናል፤ ከኛ ስሕተት በተሻለ እንድትጀምሩ ይረዳችኋል።

ጥያቄ ከጠየቀችው እኅታችን ጋር አባባን በስንብታችን ሰዓት ይቅርታ ልንለምን ቀርበን ነበር። አባባ ግን እጇን ይዘው፥ «አንቺስ ምን አጠፋሽ? የጠየቀ አላጠፋም። ያጠፋው ሳይጠይቅ ያነሣው ነው» ብለው መረቁን። ምርቃቱ ለሁላችንም ይድረሰን።

ትምህርት ቤታችን ብዙ የምሥረታ በዓል ለማክበር ያብቃው።