ዕጩ ስለ ማቅረብና ስለ ቀነ ገደብ
(በማኅበራችን ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



ስለ ምርጫ በተነሣ ቁጥር ብዙዎቻችን የምናስበው ድምፅ የሚሰጥበትን ቀን ነው። ነገር ግን ከዚያ አስቀድሞ፣ የዕጩዎች መዝገብ በሚዘጋበት ሰዓት፣ የምርጫው ግማሽ ያልቃል። ስሙ ያልገባ ሰው ሕዝብ ቢወደውም አይመረጥም። ስለዚህ ዛሬ ስለዚህች አንዲት ሰዓት ጥቂት እንነጋገር። ምሳሌያችን ደቡብ አፍሪካ ናት፤ ዘመኑንም የምንጠቅሰው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

በዚያ አገር በማዘጋጃ ቤት ምርጫ የሚወዳደር ፓርቲ የዕጩዎቹን ዝርዝርና የማስያዣ ገንዘብ ለምርጫ ኮሚሽኑ በተወሰነው ቀንና ሰዓት ማስረከብ አለበት። ነገሩ ቀላል ይመስላል፤ ክርክሩ ግን እስከ ሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት ደርሷል።

በ2006 የአፍሪካ ክርስቲያን ዴሞክራቲክ ፓርቲ የተባለ ትንሽ ፓርቲ የኬፕ ታውንን ማስያዣ አልከፈለም ተብሎ ከውድድር ወጣ። ይሁን እንጂ ለሌሎች ማዘጋጃ ቤቶች ካስገባው ገንዘብ የተረፈው በኮሚሽኑ እጅ ነበር። ፍርድ ቤቱም የማስያዣው ዓላማ ተፈጽሟል ሲል ለፓርቲው ፈረደለት።

በ2016 ግን ሌላ ሆነ። ናሽናል ፍሪደም ፓርቲ ማስያዣውን እስከ ጁን 2 ቀን ከቀኑ 11 ሰዓት ድረስ ሳያስገባ ቀረ። አቤቱታውን የምርጫ ፍርድ ቤት አልተቀበለውም፤ በዚህም ምክንያት በ2011 ድምፃቸውን የሰጡት ብዙ ደጋፊዎቹ በድምፅ መስጫው ወረቀት ላይ ስሙን ሳያዩ ቀሩ።

በ2021 ደግሞ ሰዓቱ ያለፈው በገዢው ፓርቲ ላይ ነበር። የአፍሪካ ብሔራዊ ኮንግሬስ መዝገቡ ኦገስት 23 ቀን ሲዘጋ በ93 ማዘጋጃ ቤቶች ዕጩዎቹን በሙሉ ወይም በከፊል አላስመዘገበም። በዚያው ሰሞን ኮሚሽኑ በኮቪድ ወረርሽኝ ምክንያት ምርጫው እስከ 2022 እንዲተላለፍ ጠይቆ ነበር። የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት ሴፕቴምበር 3 ቀን ይህን ጥያቄ ሳይቀበል ቀርቶ ምርጫው ከኖቬምበር 1 እንዳያልፍ አዘዘ። ኮሚሽኑ የጊዜ ሰሌዳውን እንደገና ሲያወጣ የዕጩዎችንም መዝገብ ለሁሉም ፓርቲዎች ከፈተ። ተቃዋሚው ዴሞክራቲክ አሊያንስ «ይህ የተደረገው ገዢውን ፓርቲ ለማዳን ነው» ብሎ ቢከስም ፍርድ ቤቱ ክሱን ውድቅ አደረገ። በመጨረሻው ግን ፈራጁ ሕዝቡ ሆነ፤ ያ ፓርቲ በአገር አቀፍ ድምር ለመጀመሪያ ጊዜ ከ50 በመቶ በታች ድምፅ አገኘ።

እንግዲህ ከዚህ ምን እንማራለን? ሰዓትን ማጥበቅ ጥፋት አይደለም፤ በምክንያት ማላላትም ጥፋት አይደለም። ጥፋቱ በረኛው የሚያንኳኳውን ሰው ፊት አይቶ ሲከፍት ወይም ሲዘጋ ነው። በ2021 መዝገቡ የተከፈተው ለሁሉም ነው፤ ሆኖም የ2016ቱ ፓርቲ ደጋፊ «ለእኛ ለምን አልተከፈተም?» ብሎ ቢጠይቅ አንፈርድበትም። እንዲህ ያለውን ጥርጣሬ የሚያስወግደው አስቀድሞ የተጻፈ ደንብና ምክንያቱ የተገለጸ ውሳኔ ብቻ ነው።

ጓደኞቻችን ሆይ፤ ሩቅ አገር የሄድነው የራሳችንን ለመሸሽ አይደለም። ባለፈው ዓመት በማኅበራችን ምርጫ ሁላችንም የምናውቀው አንድ ጓደኛችን ቅጹን ከሰዓቱ በኋላ ሲያመጣ ተቀበልነው። ከእሱ በኋላ የመጣውን የአንደኛ ዓመት ተማሪ ግን «ሰዓቱ አልፏል» ብለን መለስነው። ሁለቱም ዘግይተው ነበር። ልጁ ምንም ሳይናገር ሄደ፤ ከዚያ ወዲህም በስብሰባችን አላየነውም።

ስለዚህ በሚቀጥለው ስብሰባ አራት ነገር እናቀርባለን። አንደኛ፣ የመዝጊያው ቀንና ሰዓት በማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ይለጠፍ። ሁለተኛ፣ ቅጽ ያስረከበ ሁሉ ሰዓቱ የተጻፈበት ደረሰኝ ይቀበል። ሦስተኛ፣ ያልተቀበልነው ቅጽ ምክንያቱ በጽሑፍ ይሰጥ። አራተኛ፣ አቤቱታውን ራሳቸው የማይወዳደሩ ሦስት ሰዎች፣ ከነርሱም አንዱ መምህር፣ ድምፅ ከመሰጠቱ በፊት ይስሙ፤ ከምርጫ በኋላ የሚገኝ ፍርድ ላልተመረጠው አይጠቅመውምና።

አባቶቻችን «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ትቆጨኛለች» ይላሉ። ያ ተማሪ ምናልባት ባይመረጥ ኖሮ አይቆጨውም ነበር፤ የቆጨው ሳይዳኝ መመለሱ ነው። ዘንድሮ መጀመሪያ የምንጋብዘው እርሱን ይሁን።