የራስን ታሪክ በፊልም መተረክ



እንድናገርበት የተሰጠኝ ርእስ «አዲስ የፊልም አዘጋጅ የራሱን ሕይወት እንዴት ይተርካል?» የሚል ነው። ጥያቄውን በጥቅሉ ከማተት ይልቅ አንዲት አዘጋጅና አንድ ፊልም ይዤ መቅረቡን መርጫለሁ። አዘጋጅዋ ጥቁር አሜሪካዊቷ ዲ ሪስ ስትሆን፣ ፊልሙ በ2011 የቀረበው የመጀመሪያ ረጅም የልብ ወለድ ፊልሟ «ፓራያ» ነው። ትርጓሜውም «ከሰው የተገለለ» እንደ ማለት ነው። ዘመኖቹን ሁሉ የምጠቅሰው በአውሮፓ አቈጣጠር መሆኑን ከወዲሁ አስታውቃለሁ።

ታሪኩ የአንዲት የ17 ዓመት ልጃገረድ ነው። በኒው ዮርክ፣ ብሩክሊን የምትኖረው አሊኬ ግጥም ትጽፋለች፤ ፍቅሯ ወደ ሴቶች ነው፤ ይህንንም ለወላጆቿ ለመንገር አልደፈረችም። በፊልሙ መግቢያ ላይ ከጭፈራ ቤት ስትመለስ፣ አውቶቡስ ውስጥ ሰፊውን ሸሚዝና ቆቧን አውልቃ፣ ጉትቻዋን አድርጋ፣ እናቷ የምታውቃትን ልጅ ሆና ወደ ቤቷ ትገባለች። ሁለት ኑሮ መኖር ምን ያህል ሸክም እንደ ሆነ ተመልካቹ ያለ ብዙ ንግግር ይረዳዋል።

ሪስ ፊልሙ ከሕይወቷ የተቀዳ መሆኑን አልደበቀችም። ይሁን እንጂ ያደገችው በናሽቪል እንጂ በብሩክሊን አይደለም፤ ስለ ራሷም ለወላጆቿ የገለጸችው ሙሉ ሰው ከሆነች በኋላ ነው። ቦታውንና ዕድሜውን ለወጠች፤ ፍርሃቱን ግን እንዳለ አስቀረችው። የግል ታሪክ ማለት የደረሰብንን ሁሉ መዘርዘር እንዳልሆነ ከዚህ እንማራለን።

የራሱን ታሪክ የሚተርክ ሰው ትልቁ ፈተና ራሱን ከሳሽም ዳኛም ማድረጉ ነው። የአሊኬ እናት ኦድሪ የልጇን ጓደኛ ሎራን ትጠላለች፤ ልጇን በፈለገችው ልብስና በመረጠችላት ባልንጀራ ልታቃና ትጥራለች፤ በመጨረሻም እጇን ታነሣባታለች። በእንዲህ ያለች እናት ላይ መፍረድ ቀላል ነበር። ሪስ ግን ካሜራውን ወደ እናቲቱ ብቸኝነት ትመልሰዋለች፤ ባሏ ይርቃታል፤ በሥራ ቦታዋም የሚቀርባት የለም። «የተገለለ» የሚለው ስም ለልጅቱ ብቻ የተሰጠ እንዳልሆነ ያን ጊዜ እናስተውላለን። አባትየው አርተር ደግሞ ፖሊስ ነው፤ በሙያው ሰውን የሚመረምር ሲሆን፣ በቤቱ ግን መልሱን ስለሚፈራ ልጁን ለመጠየቅ አይደፍርም።

ይህን የመሰለ ታሪክ ገንዘብ ያለው ሁሉ ተሽቀዳድሞ የሚደግፈው አይደለም። ሪስ የንግድ አስተዳደር ተምራ የያዘችውን ሥራ ትታ፣ በኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ ፊልም አጠናች። በ2007 ታሪኩን በመጀመሪያ በአጭር ፊልም ሠራችው፤ ቀጥላም በዚያችው ተዋናይት በአዴፔሮ ኦዱዬ መሪነት ወደ ረጅም ፊልም አሳደገችው። ፊልሙ ያገኘው የጆን ካሳቬትስ ሽልማት ወጪያቸው ከ500,000 ዶላር በታች ለሆነ ፊልሞች የሚሰጥ ነበር። በ2022 ደግሞ የአሜሪካ የምክር ቤት ቤተ መጻሕፍት በብሔራዊ የፊልም መዝገቡ ውስጥ አስገባው።

በሰንዳንስ በዓል በፎቶግራፍ ጥበቡ የተሸለመው የካሜራ ባለሙያው ብራድፎርድ ያንግ፣ በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ የተማረው በእኛው በፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ዘንድ ነው። አሊኬ በምትገባበት ቦታ ሁሉ የዚያን ቦታ ቀለም ስትለብስ ስናይ፣ የጥቁር ሰውን ፊት በክብር የማብራት ትምህርት ከምን ዓይነት ቤት እንደ ወጣ እናስባለን።

«ይህ ታሪክ የእኛ አይደለም» የሚል እንደማይጠፋ አውቃለሁ። በ2004 የወጣው የወንጀል ሕጋችን እንዲህ ያለውን ግንኙነት ያስቀጣል፤ ብዙ ምእመናንም በኃጢአት ይቈጥሩታል። ነገር ግን እንዲህ ያሉ ልጆች በየቤታችን የሉም ለማለት የምንችለው እነርሱ ስለማይናገሩ ብቻ ነው። ልብሷን ለውጣ የምትገባ ልጅ፣ ለመጠየቅ የሚፈራ አባት፣ ልጇ «እወድሻለሁ» ስትላት እጸልይልሻለሁ ከማለት በቀር ቃል ያጣች እናት፣ ለየትኛችን እንግዳ ናቸው? የሙያችን ግዴታ በሰው ላይ ከመፍረድ አስቀድሞ ሰውን ማየት ይመስለኛል።

በመጀመሪያው አውቶቡስ ልብሷን ለውጣ ወደ ቤቷ የገባችው አሊኬ፣ በመጨረሻው አውቶቡስ በራሷ መልክ ወደ ካሊፎርኒያ ትጓዛለች። ለአባቷም መሄዷ ሽሽት ሳይሆን ምርጫ መሆኑን ነግራዋለች። ፊልም ለመሥራት የምትነሡ ወጣቶች ሆይ፣ የራሳችሁን ታሪክ ስትተርኩ የበደላችሁንም ሰው አድምጡት፤ ያን ጊዜ ተመልካቹ እናንተንም ያደምጣችኋል።