አጥር ሲገፋ ቀን ይቆጠራል
(ለማኅበራችን አባላትና ደጋፊዎች የቀረበ ንግግር)



በወልቂጤም ሆነ በቡታጅራ የድንበር ጠብ ያልገባበት ሰፈር ማግኘት ከባድ ነው። በተለይ ባሏ ለንግድ አዲስ አበባ የሚኖር ወይም የሞተባት ሴት አጥሯ ሲገፋ፣ «ለመስቀል ሲመጡ ይነጋገሩበታል» ብላ ታሳድረዋለች። ዛሬ የምናገረው ይህ ማሳደር ስለሚያስከትለው ጉዳት ነው። እኔ የሒሳብ ሠራተኛ እንጂ ጠበቃ አይደለሁም። ነገር ግን በድንበር ክርክርም እንደ ሒሳብ ሥራ ቀንና ሰነድ ዋጋ አላቸው።

አስቀድመን አንድ ነገር እንለይ። «የግል መሬቴ» እንላለን እንጂ ከ1967 ዓ.ም. አዋጅ ወዲህ መሬት የግል ሀብት አይደለም። የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ እንደሆነ ይደነግጋል። የእኛ የሆነው የይዞታ መብታችንና በቦታው ላይ የሠራነው ቤት ነው። ይህንንም ሕግ ይጠብቅልናል።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ሁለት መንገድ ይሰጣል። አንደኛው በአንቀጽ 1149 «ሁከት ይወገድልኝ» ብሎ መክሰስ ነው። እዚህ ላይ ዋናው ጥያቄ ቦታው በማን እጅ ነበር፣ ማንስ ነካው የሚለው ነው። ካርታው ገና በሟች ስም ላለ ቤተሰብ ይህ መንገድ ሊጠቅም ይችላል። ነገር ግን ክሱ ይዞታው ከተነካበት ቀን ጀምሮ በ2 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል። በመስከረም 2016 የተገፋ አጥር እስከ መስከረም 2018 ካልተከሰሰበት ይህ በር ይዘጋል ማለት ነው።

ሁለተኛው በአንቀጽ 1206 ባለመብትነትን አስረድቶ ንብረትን ማስመለስ ነው። ይህ ጠንካራ ማስረጃ ይጠይቃል፤ ከሁሉም በፊት የይዞታ ማረጋገጫ ካርታ። የግብር ደረሰኝ ያግዛል እንጂ ብቻውን ባለመብት አያደርግም።

ዝምታ ሌላም ጉዳት አለው። ሕጉ በአንቀጽ 1178 እና 1179 ተቃውሞ እያለ የሠራንና ማንም ሳይቃወመው የሠራን ሰው ለያይቶ ያያል። እያየን ዝም ካልን፣ የሠራው ሰው ለቤቱ መብት ሊያገኝና እሱን ለማስወጣት ካሳ ልንጠየቅ እንችላለን። ስለዚህ መሠረት መቆፈር ሲጀመር በዚያው ሳምንት ተቃውሞን በጽሑፍ ለማዘጋጃ ቤት ማስገባትና ገቢ የተደረገበትን ቅጂ መያዝ ያስፈልጋል። ግንባታው ካልቆመ ፍርድ ቤት ጊዜያዊ የዕግድ ትእዛዝ እንዲሰጥ መጠየቅ ይቻላል። አጥሩን በራሳችን እጅ ማፍረስ ግን ከሳሽ የነበርነውን ተከሳሽ ሊያደርገን ይችላል።

ሽማግሌ አትጥሩ ማለቴ አይደለም። ከጎረቤት ጋር ታርቆ መኖርን የመሰለ የለም። ግን እርቁ በጽሑፍ ይሁን፤ ድንበሩ በሜትር ይጻፍ፤ ምስክሮች ይፈርሙ። ሽምግልናው ከተጓተተ ደግሞ 2 ዓመቱ እንዳያልፍ ቀኑን እንጠብቅ።

«ሴት ልጅ ምን ፍርድ ቤት ያስሄዳታል» የሚለንም አይጠፋም። የጉራጌዋ የቃቄ ውርድወት ግን በ19ኛው ክፍለ ዘመን በጆካ ሸንጎ ፊት ቆማ ስለ ሴቶች የጋብቻ መብት ተሟግታለች። እኛ የተጻፈ ሕግ ይዘን ማፈር የለብንም።

ስለዚህ እያንዳንዷ አባል በዚህ ወር አንድ ክላሰር ታዘጋጅ። የካርታውን ቅጂ፣ የግብር ደረሰኞችን፣ የአጥሩን ፎቶግራፍ ከነቀኑ፣ ድንበሩን የሚያውቁ የ3 ጎረቤቶችን ስም ታስቀምጥበት። ማመልከቻ መጻፍ ለሚከብዳቸው እናቶች የተማርነው እንጽፍላቸው። የዳኝነት መክፈል ለማይችሉ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 467 መሠረት በድህነት ለመክሰስ ማመልከት እንደሚቻል እንንገራቸው። ደጋፊዎቻችንም ለቅየሳ፣ ለጠበቃና ለፎቶ ኮፒ የሚሆን ትንሽ ፈንድ ብትደግፉን፣ ብዙ እናት ቤቷን ይዛ ትኖራለች።