በነፋስ ስለሚራመዱ እንስሶች
(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ የተደረገ ንግግር)



የመረጥሁት ርእስ ስለ ጨዋታ ነው። ለእንዲህ ያለ ቀን ቁም ነገር ጠፋ ወይ የሚል ቢኖር፥ ጥቂት ታግሦ እንዲሰማኝ እለምናለሁ።

ቴዎ ያንሰን የሚባል በ1948 እ.ኤ.አ. የተወለደ የሆላንድ ሰው አለ። በዴልፍት ዩኒቨርሲቲ ፊዚክስ ተምሮ ዲግሪውን ሳይዝ ወጣና ሠዓሊ ሆነ። በ1980 በሂሊየም የተሞላ በራሪ ሳሕን ሠርቶ በዴልፍት ሰማይ ላይ ቢለቀው፥ ከተማው በሙሉ ግራ ተጋባ። ሰውየው እንዲህ ያለ ቀልደኛ ነው።

ከ1990 ጀምሮ ግን የሚሠራው እንስሳ ነው። አጥንቱ የኤሌክትሪክ ሽቦ የሚያልፍበት ቢጫ የፕላስቲክ ቱቦ፥ ምግቡም ነፋስ ነው። በባሕር ዳር አሸዋ ላይ ነፋስ ሲመታው ብዙ እግሮቹን እያፈራረቀ ይሄዳል። አንዳንዱማ በክንፉ አየር እየጨመቀ በባዶ የለስላሳ ጠርሙስ ያጠራቅምና ነፋሱ ሲቆም በዚያው ይራመዳል። ሐሳቡ የመነጨው ከጭንቀት ነበር፤ የሆላንድ ምድር ከፊሉ ከባሕር ወለል በታች ስለ ሆነ፥ እነዚህ እንስሶች አሸዋ እየቆለሉ አገሩን ይጠብቁ ይሆናል ብሎ ነው።

እጅግ የሚያስደንቀኝ እግሩ ነው። መንኰራኵር ሲሽከረከር መካከሉ ከፍ ዝቅ አይልም፤ እግር ግን ሲራመድ ገላን ያነሣል፥ ይጥላል። ያንሰን ይህን ለማስቀረት የዘንጎቹን ርዝመት በኮምፒዩተር ደጋግሞ ፈተነ፤ ከብዙዎቹም የተሻሉትን እየመረጠ በመጨረሻ 11 ቍጥሮች አገኘ። በእነዚህ ልክ የተቈረጡ ዘንጎች ሲገጣጠሙ፥ የእግሩ ጫፍ መሬት በሚነካበት ጊዜ ቀጥ ባለ መስመር ይሄዳል፤ ገላውም አይናጥም።

እኛ የልደታ ኮንዶሚኒየም ልጆች ለዚህ ነገር ባዳ አይደለንም። የሽቦ መኪና ሠርቶ፥ ረጅሙን መሪ ከፊት ጎማዎቹ ጋር አያይዞ፥ ቆሞ እየነዳ በብሎኮቹ መካከል ያልሮጠ ማን አለ? የኩሽኔታ ጋሪስ? ታላላቆቹ ለታናናሾቹ ያሳያሉ እንጂ በመጽሐፍ የተማረው የለም። ዳሩ ግን ሽቦው ቆሻሻ ነው ተብሎ ከደረጃው ሥር ይጠረጋል። የወላጆቻችንን ምክንያት አልንቅም፤ ሽቦ እግር ይወጋል፥ ኩሽኔታ በሲሚንቶ ላይ ሲንኳኳ የተኛ ሕፃን ይቀሰቅሳል። ይሁን እንጂ የአዲስ አበባው ሠዓሊ ኤልያስ ስሜ ከተጣለ የኮምፒዩተር ሽቦ የሠራቸው ሥዕሎች በውጭ አገር ሙዚየሞች ተሰቅለዋል።

ስለዚህ የምለምነው አንድ ነገር ነው። የጋራ መገልገያው ቤት በዓል ካልሆነ በቀር ባዶውን ይውላል። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ አንዲት ጥግ ቢፈቀድልን፥ አንድ ሞርሳ፥ ሁለት ፒንሳና አንድ ሴጌቶ ብናገኝ ይበቃናል፤ ሽቦውን ራሳችን እንሰበስባለን፥ ስንጨርስም ጠርገን እንቈልፋለን።

ከአዳራሹ በር አጠገብ በጠረጴዛ ላይ የቆመው ባለ ስድስት እግር የሽቦ እንስሳ የዘጠነኛ ክፍል ጓደኞቼ ሥራ ነው። አንዱ ዘንግ 2 ሚሊሜትር ስለሚያጥር በግራ የኋላ እግሩ ያነክሳል። ስትወጡ እጀታውን ቀስ አድርጋችሁ ወደ ቀኝ አዙሩት፤ ወደ ግራ ከዞረ ይፈታል።