የሚራስ ክርክርና የዕርቅ ስምምነት



ዛሬ የማነሣው ጉዳይ በየቤታችን ያለ ነው። አባት ይሞታል፤ ለቅሶው ያበቃል፤ ብዙም ሳይቆይ በአንድ ቤትና በሁለት ሱቅ ምክንያት የአንድ እናት ልጆች ፍርድ ቤት ይመላለሳሉ። ከዓመታት በኋላ አንደኛው ይረታል። ገንዘቡ ግን ለጠበቃና ለዳኝነት አልቋል፤ ወንድማማቾቹም በዒድ ቀን እንኳ ሰላም አይባባሉም። ከዚህ የሚያወጣን ሱልህ ነው። ሱልህ ማለት ግን ምን እንደሆነ ማወቅ ይገባናል።

ኡሙ ሰለማ (ረ.ዐ.) ያስተላለፉትና አቡ ዳውድ የመዘገቡት ሐዲስ ለዚህ ትልቅ ትምህርት ነው። ሁለት ሰዎች ማስረጃ በሌለው የቆየ የውርስ ጉዳይ ተካሰው ወደ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) መጡ። ነቢዩም እርሳቸው ሰው መሆናቸውን፣ ከተከራካሪዎች አንዱ ከሌላው ይልቅ አንደበተ ርቱዕ ሊሆን እንደሚችል፣ በዚህም ምክንያት የወንድሙ ሐቅ የተፈረደለት ሰው የእሳት ቁራጭ እንደተቀበለ ነግረው አስጠነቀቋቸው። ሁለቱም አለቀሱ፤ እያንዳንዱም ሐቁን ለሌላው ተወ። ነቢዩ ግን በዚያ አላሰናበቷቸውም። ትክክለኛውን ፈልገው እንዲካፈሉ፣ ዕጣ እንዲጣጣሉ፣ ከዚያም አንዱ ሌላውን ይቅር እንዲል አዘዟቸው።

ቅደም ተከተሉን ልብ በሉ። ክፍፍሉ ቀደመ፤ ይቅርታው ተከተለ። እኛ ዘንድ ብዙ ጊዜ ነገሩ ተገልብጦ ይገኛል። ሽማግሌ ተሰብስቦ እኅትን «አንቺ ባል አለሽ፤ ለወንድሞችሽ ተይላቸው» ይላታል። እርሷም በይሉኝታ አንገቷን ትደፋለች። ድርሻዋ ስንት እንደሆነ የነገራት ግን የለም። ይህ ሱልህ አይደለም፤ የሰው ሐቅ መብላት ነው። ሐራሙን ሐላል፣ ሐላሉን ሐራም የሚያደርግ ስምምነት በሸሪዓችን ተቀባይነት የለውም።

ስለዚህ አስቀድሞ ይቆጠር። ወላጆቹ በሕይወት የሌሉ ሰው ሚስት፣ ሁለት ወንዶች ልጆችና አንዲት ሴት ልጅ ትቶ ሞተ እንበል። በመጀመሪያ የሚስቲቱ የራሷ ንብረትና ያልተከፈላት መህር ይለያል፤ የቀብር ወጪና ዕዳ ይከፈላል፤ ከሲሶ ያልበለጠ ኑዛዜ ካለ ይፈጸማል። የቀረው 40 እጅ ቢደረግ ለሚስት 5፣ ለእያንዳንዱ ወንድ ልጅ 14፣ ለሴቷ 7 ይደርሳል። እንግዲህ እኅት ከ40 እጅ 7ቱ የእርሷ መሆኑን ዐወቀች። ቤቱ ይገመት። ከዚያ ወንድሞች ቤቱን ይዘው ግምቷን ቢከፍሏት፣ ወይም አንዱን ሱቅ ብትወስድ፣ ወይም ዐውቃና ወዳ ብትቀንስላቸው፣ ያ ሱልህ ነው። የፊቅህ ሊቃውንት ይህን ተኻሩጅ ይሉታል፤ ከዐብዱረሕማን ኢብን ዐውፍ (ረ.ዐ.) ሚስቶች አንዷ በውርስ ድርሻዋ ፈንታ ሰማንያ ሺህ ያህል ተቀብላ ከወራሾቹ መውጣቷን በምሳሌነት ይጠቅሳሉ።

በአገራችን ሕግ ደግሞ ክርክሩ በሸሪዓ ፍርድ ቤት እንዲታይ የተከራካሪዎች ሁሉ ፈቃድ ያስፈልጋል። የ1987ቱ ሕገ መንግሥትም፣ የፌዴራል ሸሪዓ ፍርድ ቤቶችን ያጠናከረው አዋጅ ቁጥር 188/1992ም ይህንኑ ይላሉ። መደበኛው ፍርድ ቤት የሚሠራበት የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ወንድና ሴት ልጅን እኩል ያወርሳል። ይህን ከእኅቶቻችን መደበቅ አይገባም። በሸሪዓ ለመዳኘት ስትፈቅድ በዕውቀቷ ትፍቀድ።

ክሱ ከተጀመረም በኋላ ቢሆን የዕርቅ በር አይዘጋም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከቁጥር 274 እስከ 277 ባለው ክፍሉ ተከራካሪዎች በማናቸውም ጊዜ እንዲታረቁ ይፈቅዳል። ስምምነቱ በጽሑፍ ይሆናል፤ የፍርድ ቤቱ ስም፣ የመዝገቡ ቁጥር፣ የተከራካሪዎች ስምና አድራሻ፣ የታረቁበትም ጉዳይ ይገለጽበታል፤ ተከራካሪዎችም ይፈርሙበታል። ዳኛው ለሕግና ለሞራል ተቃራኒ አለመሆኑን አይቶ ካጸደቀው እንደ ፍርድ ይፈጸማል።

ስለዚህ ሳትፈርሙ አንብቡ፤ ማንበብ የማይችል ለሚያምነው ሰው ያስነብብ። ስንት ብር፣ በየትኛው ቀን እንደሚከፈል፣ የቤቱ ካርታ በማን ስም እንደሚዞር፣ ቀኑ ቢያልፍ ምን እንደሚደረግ ተለይቶ ይጻፍ። «መብቴን ሳላውቅ ነው የፈረምሁት» የሚል አቤቱታ በኋላ አያዋጣም። ከወራሾቹ መካከል ለአካለ መጠን ያልደረሰ የቲም ካለ ደግሞ ሞግዚቱ በራሱ ሥልጣን ድርሻውን ሊለቅበት አይችልም፤ ፍርድ ቤት ዐውቆ ሊፈቅድ ይገባል። የየቲም ገንዘብ ከባድ አማና ነው።

ሽማግሌዎች ሆይ፣ ከማስታረቃችሁ በፊት አስቆጥሩ። ወንድሞች ሆይ፣ የእኅታችሁን ዝምታ እንደ ፈቃድ አትቁጠሩ። እኅቶች ሆይ፣ ድርሻን መጠየቅ ዝምድናን መቁረጥ አይደለም። የዳኛው ማኅተም የሚያጸናው የፈረማችሁትን ወረቀት ነው፤ አላህ ፊት የምንጠየቀው ግን በልባችን በያዝነውም ጭምር ነው።

አላህ ከሐቀ ሰው ይጠብቀን፤ ቤተሰቦቻችንን በሱልህ ያስማማልን። አሚን። ወሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላህ።